ስለ ሸገር 102.1 እና ስለ አዲስ አበባ ኤፍ ኤም የፈለጋችሁትን ጠይቁኝ

ሰላም ቤተሰብ። እኔ አዲስ አበባ ውስጥ ኤፍ ኤም ጣቢያዎች ላይ በቴክኒሽያንነት ከአስር አመት በላይ ሰርቻለሁ፣ ሚክሰሩ ጋ የሚቀመጠው ሰውዬ ማለት ነው። ሸገር ተቀጥሬ አላውቅም፣ ግን ስርጭት ሲጀምር ጀምሮ አድማጩ ነኝ፣ ስለ ሬዲዮ ሲወራ ደግሞ ዝም ማለት አልችልም። ሰሞኑን በውስጥ መስመር ብዙ ጥያቄ ስለደረሰኝ እዚሁ ሰብሰብ አድርጌ ልመልስ።

ጥያቄ፦ የመጀመሪያው የግል ኤፍ ኤም ሸገር ነው አይደል? አባቴ ፋና ነው ብሎ ድርቅ አለ።

አባትህ የተሳሳቱት በ"ግል" በምትለዋ ቃል ብቻ ነው፣ ምክንያቱም ፋና 98.1 ከሸገር ቀድሞ ነው የገባው። ግን ፋና የዛን ጊዜው ገዢ ፓርቲ ቤት ስለነበር የግል ተብሎ አይቆጠርም። በከተማው የመጀመሪያው ኤፍ ኤም ደግሞ የመንግስት የሆነው 97.1 ነው፣ በ1992 የተከፈተው፣ የከተማ መስተዳድሩ 96.3ም አለ። ለግል የመጀመሪያው ፈቃድ የተሰጠው በ1998 ለሁለት ድርጅቶች ነው፣ አንዱ ሸገር አንዱ ዛሚ 90.7። ሸገር መስከረም 2000 ላይ አየር ላይ ወጣ፣ ያ ሚሊኒየሙ ገና ሳይበርድ። የዛሚ የነበረው ቁጥር ላይ ዛሬ አዋሽ ነው ያለው።

ጥያቄ፦ ሕጉ መች ወጥቶ ነው ታዲያ እስከ 2000 የተጠበቀው?

አዋጅ 178 የወጣው በ1991 ነው፣ ለግል ሬዲዮ በሩን በወረቀት የከፈተው እሱ ነው። ከዛ እስከ 1998 ድረስ አንድም የግል ጣቢያ ፈቃድ አላገኘም፣ ሰባት አመት ማለት ነው! በመሃል የ1997 ምርጫም መጥቶ አለፈ። በነዛ አመታት ሬዲዮ መስራት የፈለገ ሰው የነበረው አማራጭ 97.1 ላይ የአየር ሰዓት ወስዶ መስራት ነው፣ በኋላ ሸገርን ከመሰረቱት አንዷ መዓዛ ብሩም እዛው ነበረች። ይሄ ነገር ብዙ ሰው አያስተውለውም እንጂ ሸገር ሲከፈት ከዜሮ አልጀመረም፣ ከሬዲዮ ኢትዮጵያ ጀምሮ የተገራ እጅና 97.1 ላይ የተገኘ አድማጭ ይዞ ነው የገባው።

ጥያቄ፦ ከኤፍ ኤም በፊት ምን ነበር የሚሰማው?

ባጭሩ፣ ሬዲዮ እኛ ሀገር ጣሊያን ሊወረን አካባቢ ከአቃቂ ነው የጀመረው። ከዛ በ1955 የሉተራኖቹ ብስራተ ወንጌል ተከፈተ፣ በ1969 ደርግ ወረሰው። ሁሉም በመካከለኛና በአጭር ሞገድ ነበር። እኛ ቤት የአባቴ የልብስ ስፌት ሱቅ ውስጥ አንድ ናሽናል ሬዲዮ ነበረች፣ ከቆዳ ሽፋኗ ጋር፣ አንቴናዋ ተሰብሮ በሽቦ የተቀጠለ። 97.1 ሲጀምር አባዬ ቁልፉን ከዳር እዳር ቢያዞር ቢያዞር የለም፣ ለካ ሬዲዮኗ ኤፍ ኤም የሚባል ባንድ ጭራሽ የላትም። በሳምንቱ መርካቶ ወርዶ አዲስ ገዛ፣ ናሽናሏን ግን አልጣላትም፣ ማሽኑ አጠገብ እንዳለች ኖረች።

ጥያቄ፦ ሸገርን ከሌላው ምን ይለየዋል? እኔ እንደው የለመድነው ስለሆነ ነው የምንወደው ባይ ነኝ።

አይደለም ወንድሜ፣ እዚህ ላይ አልስማማም። በፊት ሬዲዮ ሲናገር ቆሞ ነው የሚናገር የሚመስለው፣ መግለጫ እንደሚያነብ ሰው፣ "የተከበራችሁ አድማጮቻችን" ብሎ ይጀምርና ወረቀቱ ሲያልቅ እሱም ያልቃል። ሸገር ቁጭ ብሎ ነው ያወራን። ቡና እንደተፈላ ሰው። የመዓዛን ፕሮግራም ስሙን እንኳን እዩት፣ "የጨዋታ እንግዳ" ነው የሚለው፣ ቃለ መጠይቅ አይልም። መዓዛ እንግዳዋን "የት ተወለዱ፣ እናትዎ ምን አይነት ሴት ነበሩ" ብላ ነው የምትነሳው፣ ከዛ ሰውየው ሳይታወቀው የትውልድ መንደሩን፣ የተማሪ ቤቱን፣ የታሰረበትን፣ ያገባበትን ዘርግፎ ይገኛል። አንድ ሰው ብቻ ለሳምንታት የሚቀጥልበት ጊዜ አለ። የታሪክ ፀሐፊውን አምባሳደር ዘውዴ ረታን የሰማ ሰው የምለው ይገባዋል፣ እሳቸው ቤተመንግስት ውስጥ የነበረውን ሲያወሩ ሰውየው በየት ገባ፣ ማን ምን አለ፣ ጃንሆይ ምን መለሱ፣ ሁሉም በድምፅ ነው።

በሙያ አይን ስታየው ትልቁ ነገር ዝምታው ነው። ብዙ አዘጋጅ እንግዳው ሶስት ሰከንድ ዝም ካለ ይደነግጣል፣ ወይ ጥያቄ ይወረውራል ወይ ቴክኒሽያኑን "ሙዚቃ ልቀቅ" ብሎ በእጁ ይጠቅሳል። እኔ ራሴ ስንት ጊዜ ለቅቄያለሁ። ሽማግሌ ሰው ግን ዝም ያለው ስለጨረሰ አይደለም፣ እያስታወሰ ነው፣ አንዳንዴም እንባው እየመጣ ነው። ያቺን ዝምታ ሳይቆርጡ መተው መቻል ትልቅ ችሎታ ነው፣ ኤዲት ላይም አውጥቶ አለመጣል። "የጨዋታ እንግዳ" ላይ ወንበር ሲንቀሳቀስ፣ ትንፋሽ ሲወሰድ ትሰማለህ፣ አብረህ የተቀመጥክ ነው የሚመስልህ።

ከዛ የእሸቴ አሰፋ ሸገር መቆያ አለ። አንድ ሰው፣ አንድ ድምፅ፣ ታሪክ ብቻ። እኔ ታክሲ ውስጥ ወራጅ አለ ማለት ረስቼ አልፌ አውቃለሁ ታሪኩ ሳያልቅብኝ ብዬ፣ ከመገናኛ ወደ አራት ኪሎ ስሄድ ሾፌሩ ድምፁን ከፍ አድርጎ ወያላው ራሱ ጥሪውን አቁሞ በሩን ይዞ እያዳመጠ። አስራ ምናምን የማይተዋወቅ ሰው ሚኒባስ ውስጥ ስለ አንድ ድሮ ስለሞተ ንጉስ ፀጥ ብሎ ሲሰማ እስቲ ሌላ የት ታያለህ።

ጥያቄ፦ ሸገር ሲቲ የሚባለው ጋር ግንኙነት አለው?

የለውም። ሸገር በኦሮምኛ የአካባቢው ስም ነው፣ የአዲስ አበባ ልጅም ከተማውን በቁልምጫ እንደዛ ሲጠራ ነው የኖረው። ሬዲዮው በ2000 ያን ስም ያዘ፣ ሸገር ሲቲ የሚባለው የኦሮሚያ ከተማ አስተዳደር ደግሞ በ2015 ነው የተቋቋመው፣ አዲስ አበባን ከቦ ያለው። ስም ብቻ ነው የሚገናኙት።

ጥያቄ፦ የመሰረተው ማን ነው? መዓዛ ብቻ ናት?

ብቻዋን አይደለችም፣ ባለቤቷ አበበ ባልቻም ከመስራቾቹ ነው፣ ሕግ የተማረና ተዋናይ የሆነው፣ ሌሎችም የሙያ ባልደረቦች ነበሩ።

ጥያቄ፦ ታዲያስ አዲስና ለዛ የሸገር የራሱ ፕሮግራሞች ናቸው ወይስ የሌላ? ገቢውስ እንዴት ነው የሚሰራው?

ሁለቱን ጥያቄ አንድ ላይ ልመልሰው ምክንያቱም መልሱ አንድ ነው። አዲስ አበባ ውስጥ ኤፍ ኤም የሚኖረው በሁለት ነገር ነው። አንደኛው ጣቢያው ራሱ ፕሮግራም ሰርቶ ማስታወቂያ ይሸጥበታል። ሁለተኛው "ተባባሪ አዘጋጅ" የምንለው ነው፣ የውጪ አዘጋጅ ከጣቢያው የአየር ሰዓት ይገዛል፣ ስፖንሰር ራሱ ፈልጎ ያመጣል፣ ማስታወቂያውን ያስገባል፣ ከወጪ የተረፈው የሱ ነው። የሰይፉ ፋንታሁን ታዲያስ አዲስም የብርሃኑ ድጋፌ ለዛም ሸገር ላይ የተሰሙ አዘጋጁ በስሙ የሚታወቅባቸው ፕሮግራሞች ናቸው፣ ለዛ እንደውም የአድማጮች ምርጫ ብሎ ለዘፋኞቻችን ሽልማት እስከማዘጋጀት ደርሷል።

የዚህ አሰራር ጥሩው ነገር ገንዘብ የሌለው ወጣት እንኳን ሀሳብ ካለው ሶስት ሆኖ ተደራጅቶ ሬዲዮ ላይ መግባት መቻሉ ነው። መጥፎው ደግሞ ስፖንሰሩ የሄደ ቀን ፕሮግራሙም አብሮ ይሄዳል። በ2011 አዋጅ 1112 ወጥቶ የአልኮል ማስታወቂያ ሲገደብ ያየሁትን አልረሳውም። ከ10 ፐርሰንት በላይ አልኮል ያለው ከሬዲዮ ጭራሽ ወጣ፣ ቢራን የመሰለው ከጠዋቱ 12 ሰዓት እስከ ምሽቱ 3 ሰዓት ተከለከለ። እንግዲህ ሬዲዮ የሚደመጠው መች ነው? ጠዋት ስራ ሲገባና ማታ ሲወጣ ነዋ። ሕጉን አልቃወምም፣ ልጆቼ የቢራ ጂንግል እየዘፈኑ ትምህርት ቤት ሲሄዱ ደስ አይለኝም ነበር። ግን ብዙ የስፖርትና የሙዚቃ ፕሮግራም ቆሞ የነበረው በቢራ ብር ስለሆነ የማውቃቸው ጎበዝ ጎበዝ ልጆች ሙያውን ጥለው ወጡ፣ ምትክ ነገር ሳይታሰብላቸው።

ጥያቄ፦ ስልኬ ላይ ኢርፎን ካልሰካሁ ሬዲዮ አልከፍትም ይለኛል፣ ለምንድነው?

ምክንያቱም አንቴናው ገመዱ ነው። 102.1 ሜጋኸርዝ ማለት የሞገዱ ርዝመት ሶስት ሜትር ገደማ ነው፣ ጥሩ አንቴና የሚሆነው ደግሞ የሱ ሩብ ነው፣ 73 ሳንቲሜትር አካባቢ፣ ስለዚህ የኢርፎን ገመድ በደንብ ይበቃል። ድምፁ ሲንሻሻብሽ ገመዱን አታጠቅልይው፣ ዘርጊው። ኤፍ ኤም ደግሞ እንደ አጭር ሞገድ ሰማይ ነክቶ አይመለስም፣ ቀጥ ብሎ ነው የሚሄደው፣ ለዛ ነው ማሰራጫ እንደ ፉሪ ያለ ተራራ ላይ የሚተከለው። ፎቅ መሃል ስትገቢ የሚጠፋው ወይም ከከተማ ወጥተሽ ዳገቱን ስታልፊ የሚቆረጠው በዚህ ነው። እዛው አጠገብ 101.1 ብስራት፣ 102.9 አባይ ስላሉ ርካሽ ሬዲዮ አንዳንዴ ይቀላቅላል፣ ጣቢያው ጥፋት የለበትም።

ጥያቄ፦ ዲሲ ነው ያለሁት፣ እዚህ ያለነውስ ከአድማጭ እንቆጠራለን?

እንዴ በደንብ ነዋ! ከኢንተርኔቱ በኋላ ሸገርን ሌሊት ታክሲ ሲነዳ የሚሰማ ሰው ሜሪላንድና ቨርጂኒያም አለ። የ"የጨዋታ እንግዳ" ቅጂ ዩቲዩብ ላይ ሲወጣ ከስሩ የሚፃፈውን አንብቡት፣ "ይሄ ሰውዬ አስተማሪዬ ነበር"፣ "የጎረቤታችን ልጅ ናት" የሚል ሞልቶታል። ሀያና ሰላሳ አመት የተጠፋፉ ሰዎች በሱ ስር ሲገናኙ አይቻለሁ።

ጥያቄ፦ እናቴ በ90ዎቹ መዓዛን ከ97.1 ላይ በካሴት ትቀዳ ነበር፣ አንድ ካርቶን ሙሉ አለ። ዋጋ አለው ወይስ ልጣለው?

እህቴ በናትሽ እንዳትጥይው!! ይሄን ጥያቄ ሳየው እውነት ለመናገር ልቤ ነው የመታው።

አንድ ነገር ልንገርሽ። የሰራሁበት አንድ ጣቢያ፣ ስሙን አልጠራም፣ ቅጂዎቹን ሁሉ አንድ ኮምፒዩተር ላይ ነበር የሚያስቀምጠው። አንድ ጠዋት መብራት ሄዶ ሲመጣ ሃርድ ዲስኩ ጠቅ ጠቅ የሚል ድምፅ ማሰማት ጀመረ፣ በዛው ቀረ። ሁለት አመት ሙሉ የተሰራ ስራ ነው። ውስጡ አንድ የድሮ የክቡር ዘበኛ ሙዚቀኛ አዛውንት አሉ፣ እኔው ነኝ ማይኩን ያስተካከልኩላቸው፣ እጃቸው ስለሚንቀጠቀጥ ጠረጴዛውን እንዳይነኩ ፎጣ አነጠፍኩ። ከተቀዱ አምስት ወር ሳይሞላቸው አረፉ። ልጃቸው ቅጂውን ሊወስድ ሲመጣ በር ላይ ቆሜ "የለም" ያልኩት እኔ ነኝ። ከዛ ቀን ጀምሮ ምንም ነገር በአንድ ቦታ ብቻ አስቀምጬ አላውቅም።

ለዚህ ነው የምለው፣ ከ1992 እስከ 99 ድረስ የነበረው የኤፍ ኤም ድምፅ ብዙው ያለው እንዲህ ሰው ቤት ነው። በዛ ጊዜ ሰባና ሰማንያ አመታቸው የነበሩ እንግዶች ዛሬ በሕይወት የሉም። እናትሽ የሰሩት የቤተ መዛግብት ስራ ነው፣ ንገሪያቸው።

አሁን ስራው። ካሴቱን መጀመሪያ እንዳታጫውቺው፣ ለአመታት ስለተጠቀለለ ሊጣበቅ ይችላል፣ ወደፊት እስከ መጨረሻው አሽከርክሪና መልሰሽ ጠቅልይው። የቴፑን ሄድ፣ ካሴቱን የሚያነበውን ብረት ማለት ነው፣ አልኮል በነካ ጥጥ ጥረጊው። ከዛ ከቴፑ የኢርፎን መሰኪያ ወደ ኮምፒዩተሩ በገመድ አገናኚና ኦዳሲቲ በሚባለው ነፃ ፕሮግራም ቅጂው፣ በዌቭ ነው የምታስቀምጪው፣ ኤምፒ3 ለመላላኪያ ብቻ ይሁን። ፋይሉን ሶስት ቦታ አድርጊው፣ አንዱ ከቤት ውጪ። ክዳኑ ላይ እናትሽ የፃፉት ቀንና ስም ካለ ፎቶ አንሽው። ድምፁ ቢንሻሻም ምንም እንዳትነኪው፣ ማፅዳቱ ሁሌም ይደርሳል።

ከሁሉም በፊት ግን ዛሬውኑ ይሄን አድርጊ፣ ካሴቱ ጀርባ ላይ ግራና ቀኝ ሁለት ትንንሽ የፕላስቲክ ጥርሶች አሉ፣ ሁለቱንም በእስክርቢቶ ጫፍ ስበሪያቸው፣ ከዛ በኋላ ማንም በስህተት ሪከርድ ቢጫን እላዩ ላይ አይቀዳበትም።