መልስ፦ ልጆችን ጫካ ለማስለመድ ከየት ይጀመር?

እህቴ፣ «ፒያሳ ነው የምንኖረው፤ ልጆቼን የት ወስጄ ጫካ ላስለምዳቸው?» ላልሽው፣ ለመጀመሪያ እንጦጦ ይበቃል። ከአራት ኪሎ ወደ ሽሮ ሜዳ የሚሄድ ታክሲ ያዙ። የእንጦጦ ከፍታ 3,000 ሜትር ያልፋልና ቀስ እያላችሁ ውጡ።

አቅጣጫ ማወቅን አስቀድሚ። ጠዋት 2 ሰዓት ላይ ቀጥ ያለ እንጨት መሬት ላይ አቁሚና የጥላው ጫፍ ላይ ጠጠር አድርጊ። ከ20 ደቂቃ በኋላ ጥላው ፈቀቅ ይላል፤ እዚያም ሌላ ጠጠር። የመጀመሪያው ምዕራብ፣ ሁለተኛው ምሥራቅ ነው። ልጄ ይሄን ያየች ቀን ከእንጨቱ አልላቀቅ ብላ ነበር!

እሳት ግን በፍጹም አታንድዱ። የባሕር ዛፍ ቅጠል ዘይት ስላለው፣ ከደረቀ ቦግ ነው የሚለው። ፌስታሉንም ሃይላንዱንም ይዛችሁ ተመለሱ። ጅብ ስላለ 11 ሰዓት ሳይሞላ ውረዱ።