ወንድሜ ኪኒን ላይ ወድቋል፤ ፖሊስ ልጥራ ወይስ ሐኪም?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ ዶክተር። የምጽፍልዎ ስለ ታናሽ ወንድሜ ነው። 21 ዓመቱ ነው፤ ሦስተኛ ዓመት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነበር። መጀመሪያ «ለፈተና ነው» እያለ ጫት ይቅም ነበር፤ ይህን ሁላችንም እናውቅ ነበር። ከዚያ ጋንጃ እንደሚያጨስ ሰማን። ዘንድሮ ትምህርቱን አቋርጦ ቤት መጣ። ባለፈው ሳምንት አልጋው ሥር አንድ ፌስታል ሙሉ የትራማዶል ባዶ ማሸጊያ አገኘሁ። በቀን እስከ አሥር ፍሬ እንደሚውጥ ራሱ ነገረኝ። ካልወሰደ ያልበዋል፣ ያንቀጠቅጠዋል፣ ሆዱን ይቆርጠዋል። የእናቴን የአንገት ሐብል ሸጦታል። አባቴ «ለፖሊስ አሳልፌ እሰጠዋለሁ» ይላል። እናቴ «ፀበል እንውሰደው» ትላለች። እኔ ሰው እንዳይሰማብን ብዬ ከሥራ እየቀረሁ እጠብቀዋለሁ። ሠፈሩ ሁሉ «ትውልዱ አልቋል» ይላል። እውነት ነገሩ ይህን ያህል ተስፋፍቷል? ወንድሜስ ይድናል?

*እህት፣ ከአዲስ አበባ*

መልስ፦ እህታችን፣ ከመጨረሻው ጥያቄዎ ልነሳ። አዎ፣ ሊድን ይችላል። ስንት ፍሬ እንደሚውጥ ደግሞ ራሱ ነግሮዎታል። ይህ ትልቅ ነገር ነው። ብዙ ቤተሰብ እውነቱን የሚሰማው ልጁ ድንገተኛ ክፍል ከገባ በኋላ ነው።

ሌላውን ሁሉ ከማንሳቴ በፊት ግን አንድ አደራ አለኝ። ኪኒኑን በአንድ ቀን ነጥቃችሁ በር እንዳትቆልፉበት። አባትዎ ተናደው፣ እናትዎ ደግሞ አዝነው ይህን ሊያደርጉ ይችላሉ። ምክንያቱን ላስረዳ።

ትራማዶል የሕመም ማስታገሻ ነው። ዝምድናው ከሞርፊን ጋር ነው። ሕመምተኛ ከሐኪም ታዞለት የሚወስደው ከፍተኛ መጠን በቀን 400 ሚሊግራም ነው። ወንድምዎ አሥር ፍሬ የሚውጥ ከሆነ፣ ባለ 50 ቢሆን እንኳ ልኩን አልፏል። ባለ 100 ከሆነ ከእጥፍ በላይ ሄዷል። መድኃኒቱ ሁለት ጠባይ አለው። በአንድ በኩል እንደ ሞርፊን ሕመምንና ጭንቀትን ያደነዝዛል። በሌላ በኩል ለድብርት እንደሚሰጡ አንዳንድ መድኃኒቶች የአንጎልን ኬሚካሎች ይነካካል። ስለዚህ ሰውየው በድንገት ሲያቆም ሁለት ዓይነት ስቃይ ይገጥመዋል። ላብ፣ ብርድ ብርድ ማለት፣ ተቅማጥና የአጥንት ቁርጥማት አንዱ ነው። ከባድ ፍርሃትና እንቅልፍ ማጣት፣ አልፎ አልፎም የሌለ ነገር ማየት ሌላው ነው። ሕመሙ አብዛኛውን ጊዜ በአንድ ቀን ውስጥ ይጀምርና በሁለተኛውና በሦስተኛው ቀን ይብሳል። ከሳምንት በኋላ አካሉ ይረጋጋል። ሐራራውና የእንቅልፍ እጦቱ ግን ለሳምንታት ሊቆይ ይችላል። ሐኪም ዘንድ ከሄደ መጠኑ ቀስ በቀስ ይቀነሳል፤ ለእያንዳንዱ ስቃይም ማስታገሻ ይሰጠዋል። ጨክኖ ማቆም ጀግንነት ይመስላል። እኔ ግን በሦስተኛው ቀን ሌሊት በመስኮት ዘለው የወጡ ልጆችን አይቻለሁ።

ሌላም አደጋ አለ። ትራማዶል ሲበዛ እንደ ሚጥል በሽታ ያንፈራግጣል። ቀደም ሲል የሚጥል በሽታ በማያውቀው ሰው ላይ እንኳ ይህ ይደርሳል። ከአረቄ ወይም ዲያዜፓም ከሚባለው ማረጋጊያ ኪኒን ጋር ሲደረብ ደግሞ ትንፋሽን ያቆማል። ቤተሰብ በብዛት የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። ልጁ ከባድ እንቅልፍ ይወስደዋል፣ ያንኮራፋል። «ደክሞት ነው፣ ይተኛበት» ተብሎ ይተዋል። ያ ማንኮራፋት ግን መታፈን ሊሆን ይችላል። ጠርተውት፣ ነቅንቀውት ካልነቃ፣ ትንፋሹ ከዘገየ ወይም ከንፈሩ ከጠቆረ አይጠብቁ። የዓይኑ ብሌን እንደ መርፌ ጫፍ ጠቦ ከታየም ያው ነው። በጎኑ አስተኝተውት 907 የቀይ መስቀል አምቡላንስን ይጥሩ፣ ወይም ባገኙት መኪና ወደ ሆስፒታል ይሩጡ። ወተት አይጋቱት፣ ውኃ አይድፉበት። ሆስፒታል ውስጥ ናሎክሶን የሚባል መርፌ አለ፤ የቆመ ትንፋሽ ይመልሳል። ትንሽ ሰዓት ብታልፍ ግን እሱም አያድንም።

አሁን ወደ ሠፈሩ ወሬ ልምጣ። «ትውልዱ አልቋል» የሚለውን አልቀበልም። «የእኛ አገር ችግር አይደለም» የሚሉትንም አልቀበልም።

የተባበሩት መንግሥታት የአደንዛዥ ዕፅና የወንጀል መከላከል ጽሕፈት ቤት በዓለም ዙሪያ እ.ኤ.አ. በ2022 ዕፅ የተጠቀመውን ሰው 292 ሚሊዮን አድርሶታል። በሕመም ደረጃ ሱስ የያዛቸው ደግሞ 64 ሚሊዮን ናቸው። ሕክምና ያገኘው ከ11 አንዱ ብቻ ነው። እንግዲህ ብዙ ሰው ይሞክራል፣ ከሞካሪው ጥቂቱ ይታመማል፣ ከታመመው ደግሞ አብዛኛው ሐኪም ሳያይ ይቀራል። እኔን እንቅልፍ የሚነሳኝ ይህ የመጨረሻው ነው።

በእኛ አገር ዜና የምንሰማው አብዛኛውን ጊዜ በቦሌ አውሮፕላን ማረፊያ ስለተያዘ ኮኬይን ነው። ያ በአብዛኛው በእኛ በኩል አልፎ ወደ ሌላ አገር የሚሄድ ነው። ቤታችን የገባው ሌላ ነው። በአገራችን ጫት ሕገወጥ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2016 በተደረገው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት ከወንዶች 27 ከመቶው፣ ከሴቶች 12 ከመቶው በሕይወታቸው ጫት ቅመው እንደሚያውቁ ተናግረዋል። ጋንጃ ሕገወጥ ነው፤ ሆኖም በሻሸመኔ አካባቢ ለረጅም ዓመታት ሲበቅል ኖሯል። ጎዳና ላይ ያሉ ልጆች ማስቲሽና ቤንዚን ይስባሉ። ብርዱንና ረሃቡን ያስረሳቸዋል፤ አንጎላቸውን ግን ይጎዳል፣ ልብንም በድንገት ሊያቆም ይችላል። አሁን ደግሞ ያለ ማዘዣ የሚሸጥ ኪኒን አለ። ኪኒን አይሸትም፣ አይጨስም፣ በኪስ ይያዛል። እናት ብታገኘው እንኳ «የራስ ምታት መድኃኒት» ትባላለች።

ወንድምዎ የመጣበትን መንገድ ከብዙ ተማሪዎች አፍ ሰምቼዋለሁ። ፈተና ሲደርስ ይቃማል። መርቀናው ሌሊቱን ያስነብባል፤ ሲነጋ ግን እንቅልፍ የለም፣ ልብ ይመታል፣ ብስጭት ይመጣል። ስለዚህ መርቀናውን መስበሪያ ይፈለጋል። ለአንዱ ጨብሲ፣ ማለትም መጠጥ ነው፣ ለሌላው ጋንጃ ነው። ለሦስተኛው ጓደኛው «ይቺን ዋጥ፣ ትረጋጋለህ» ብሎ ኪኒን ይሰጠዋል። ጫቱን ልተው ቢል ደግሞ ዱካክ የሚባለው ቅዠት ሌሊት አላስተኛ ይለዋል፤ ለዱካኩም ኪኒን ይጨምራል። በዚህ ጊዜ ልጁ ደስታ እየፈለገ አይደለም። ጠዋት ተነስቶ እንደ ሰው ለመቆም ብቻ ነው የሚውጠው። እባክዎ ይህን ለአባትዎ ያስረዷቸው። «ለቅብጠት ነው» ብለው ካሰቡ ንዴታቸው አይበርድም።

ጋንጃውንም ቀላል አያድርጉት። አንጎል እስከ 25 ዓመት ገደማ ማደጉን አያቆምም። በአፍላ ዕድሜ ጀምሮ አዘውትሮ የሚያጨስ ልጅ በሳይኮሲስ፣ ማለትም ከእውነታ በሚያርቅ የአእምሮ ሕመም፣ የመያዝ ዕድሉ ይጨምራል፤ በተለይ በቤተሰብ ውስጥ የአእምሮ ሕመም ካለ። ወንድምዎ «ይከታተሉኛል» ወይም «ድምፅ ይሰማኛል» ካለ ለሐኪሙ ይንገሩ። ይህ ሕክምናውን ይለውጠዋል።

በማኅበረሰብ ላይ የሚደርሰው ጉዳት ሲነሳ ብዙ ሰው ስለ ወንጀል ያወራል። ወንጀሉ አለ፤ አልክድም። እኔ ግን ከእርስዎ ደብዳቤ ሌላ ነገር አነበብኩ። በቅድሚያ ሐብሉ ሄደ። ቀጥሎ የወንድምዎ ትምህርት ቆመ። አሁን የእርስዎ ሥራ ሊሄድ ነው። አባትና እናት አንድ ቤት ውስጥ በሁለት ሐሳብ ተለያዩ። እንግዳ አይጋበዝም፤ ጎረቤት ለቡና ቢጠራም አትሄዱም ብዬ እገምታለሁ። የአንድ ልጅ ሱስ አራት ሰው ያሳምማል፤ ይህ ግን በየትኛውም የፖሊስ መዝገብ ላይ አይጻፍም። ለዚህ ነው የችግሩን ስፋት በተያዘ ዕፅ ኪሎ መለካት የማያሳምነኝ።

በሴቶች ላይ ደግሞ ይብሳል። በዚያው የተባበሩት መንግሥታት ጽሕፈት ቤት ሪፖርት ሱስ ከያዛቸው ወንዶች ከ7 አንዱ ሲታከም፣ ከሴቶች ከ18 አንዷ ብቻ ናት የምትታከመው። ሱስ የያዘው ወንድ ልጅ «አመለኛ» ይባላል። ሴቷ የምትባለውን እዚህ አልጽፈውም። ስድቡን ፈርታ እስክትወድቅ ድረስ ትደብቃለች። የእህት፣ የሚስት፣ የሠራተኛ ነገር የሚያሳስባችሁ አንባቢዎች ይህን ልብ በሉልኝ።

አሁን ወደ ፖሊሱ ጉዳይ። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 525 አደንዛዥ ዕፅ ማምረትን፣ ማዘዋወርን፣ ያለ ሐኪም ትእዛዝ መጠቀምንም ይከለክላል። አባትዎ ሕጉን አልተሳሳቱም። ወንድምዎ እየሸጠ ወይም በሰው ላይ አደጋ እየጣለ ቢሆን ሌላ ምክር እሰጥ ነበር። በጻፉልኝ መሠረት ግን የታመመ ልጅ ነው። የፖሊስ ማረፊያ ክፍል ውስጥ ያለ መድኃኒት ሐራራ ይይዘዋል፤ ከሌሎች ሱሰኞችና ሻጮችም ጋር ይተዋወቃል። ብዙ ሰው የማያውቀው ሌላ አደጋም አለ። ሰውነቱ ለጥቂት ሳምንታት ኪኒኑን ሲያጣ ልምዱን ይረሳል። ሲፈታ በድሮው ልክ አሥር ፍሬ ቢውጥ፣ ትናንት የቻለው መጠን ዛሬ ሊገድለው ይችላል። ከፀበልም፣ ከሆስፒታልም፣ ከጓደኛ ቤትም ሲመለስ ይኸው አደጋ አለ። ከሐኪም ጋር ተማከሩ፤ ሐኪም የታካሚውን ምሥጢር ይጠብቃል። ቁጣችሁን መጣል ከፈለጋችሁ ያለ ማዘዣ በሸጠለት ሰው ላይ ይሁን። ያንን ለምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን ማመልከት ይቻላል።

እናትዎን ደግሞ አይከራከሯቸው። ፀበል ይውሰዱት፤ እምነት ለብዙ ታካሚዎች ብርታት ሲሆን አይቻለሁ። ሁለት ነገር ብቻ ይለምኑልኝ። አንደኛ፣ መድኃኒቱን በዚያ ሳቢያ አያስቁሙት። ሁለተኛ፣ አይታሰር፣ አይራብ። የፀበሉን ሰዓትና የመድኃኒቱን ሰዓት ማስማማት ይቻላል።

ሕክምናው የት ነው ካሉ፣ አዲስ አበባ ውስጥ አማኑኤል የአእምሮ ስፔሻላይዝድ ሆስፒታልና ቅዱስ ጳውሎስ ሆስፒታል የሱስ ሕክምና አላቸው። በቅርብ ካለው ጤና ጣቢያ ሪፈር አጽፎ መሄድ ይቻላል። ወረፋ ሊኖር ይችላል፤ ተስፋ አትቁረጡ። ሕክምናው ኪኒኑን ማስቆም ብቻ አይደለም። ልጁ ከባለሙያ ጋር ተቀምጦ ምን እንዳስጀመረው፣ ምን እንደሚያስመልሰው ይነጋገራል። ከሥሩ ድብርት ካለ እሱም ይታከማል። ድብርቱ ካልታከመ ሱሱ ብዙ አይርቅም።

ተመልሶ ሊጀምርም ይችላል። ከታከሙት ውስጥ ከ40 እስከ 60 ከመቶው አንድ ጊዜ እንደሚያገረሽባቸው ይገመታል። የደም ግፊትና የአስም ታካሚዎችም ከዚህ ብዙ አይለዩም። ግፊቱ የጨመረበትን ሰው «አንተ አትረባም» ብለን ከቤት አናስወጣውም፤ መድኃኒቱን እናስተካክልለታለን። ወንድምዎ ቢወድቅ በዚያው ቀን መልሳችሁ ውሰዱት።

ለእርስዎ ደግሞ ይህን እመክራለሁ። ሰኞ ሥራዎን ይግቡ። 24 ሰዓት ሊጠብቁት አይችሉም፤ ቢችሉም አያድነውም። ጥሬ ብር በእጁ አይስጡ፤ የትራንስፖርቱን ራስዎ ይክፈሉ፣ ምግብ ግን አይከልክሉት። አንድ የሚያምኑት ዘመድ ይምረጡና ይንገሩት፣ ተራ ይግባላችሁ። ማታ ሲረጋጋ፣ ሐራራው ሳይይዘው በፊት ያነጋግሩት። «ለምን እንዲህ አደረግክ» አይበሉት፤ መልሱን እሱም አያውቀውም። «ነገ ሐኪም ጋር አብሬህ እሄዳለሁ» ይበሉት። እምቢ ቢል በሳምንቱ ደግመው ይጠይቁት። እርስዎ ግን ብቻዎንም ቢሆን ሄደው ባለሙያ ያማክሩ፤ ታካሚው ባይመጣም ቤተሰብ ይመከራል።

ያንን ፌስታል ደግሞ አይጣሉት። ማሸጊያው ላይ የኪኒኑ ስምና ሚሊግራም አለ። ሐኪሙ መጠኑን ከየት ጀምሮ እንደሚቀንስ የሚያውቀው ከዚያ ነው። ይዘውት ይሂዱ።