ቺቼን ኢትዛና ሴኖቴ በአንድ ቀን

ጥያቄ፦ ከሜክሲኮዋ ከተማ ከካንኩን ተነሥተን የጥንቱን የማያ ሕዝብ ፍርስራሾችና ሴኖቴ የተባሉትን የተፈጥሮ መዋኛዎች በአስጎብኚ በአንድ ቀን ማየት እንችላለን? ባለቤቴ ዋና አትችልም። (አንባቢ፣ ከሜሪላንድ)

መልስ፦ ትችላላችሁ፤ ሆኖም የማያ ፍርስራሾች የሚገኙበት ቺቼን ኢትዛ 200 ኪሎ ሜትር ያህል ስለሚርቅ፣ እኩለ ቀን ሲቃረብም ፀሐዩና ሕዝቡ ስለሚበረታ፣ ጎህ ሲቀድ የሚነሣውን ጉዞ ይምረጡ፤ የመግቢያው ክፍያ በዋጋው መካተቱንም አስቀድመው ይጠይቁ። 30 ሜትር የሚደርሰው የኩኩልካን ፒራሚድ ላይ መውጣት ክልክል ነው፤ ከደረጃው ፊት ለፊት ቆመው ቢያጨበጭቡ ግን (እኔ ከሁሉ የምወድደው ይህን ነው) የወፍ ጩኸት የሚመስል የገደል ማሚቶ ይመልስልዎታል። በቅጥሩ ያለው ቅዱሱ ሴኖቴ የጥንት መሥዋዕት ስፍራ በመሆኑ አይዋኝበትም፤ የሚዋኘው በአቅራቢያው ባለው ኢክ ኪል በተባለው ሴኖቴ ነው። ውኃው ከመሬት ወለል 26 ሜትር ገደማ ዝቅ ብሎ የሚገኝና እጅግ ጥልቅ ስለሆነ፣ ባለቤትዎ ያለ መንሳፈፊያ ሰደርያ እንዳይገቡ።