መልስ፦ ከኽዋጃ ኹርሺድ አንዋር ጀምር

«የድሮ የላሆር ፊልም ዜማ ከማን ልጀምር?» ላልከው፣ እኔ ሳላመነታ የፊልም ዜማ ደራሲውን ኽዋጃ ኹርሺድ አንዋርን እልሃለሁ። ላሆር (ዛሬ ፓኪስታን ያለችው ከተማ) ውስጥ ፍልስፍና የተማረ ሰው ነው። ሬዲዮ ላይ ሠራ፤ ከዚያ እ.ኤ.አ. በ1941 ቦምቤይ ላይ «ኩርማይ» በተባለ የፑንጃቢ ቋንቋ ፊልም ወደ ሲኒማው ገባ። ከሕንድና ፓኪስታን መከፈል በኋላ ኑሮውን ላሆር አደረገ።

የሚገርመኝ አሠራሩ ነው። የክብሪት ቀፎ በጣቱ እየመታ ዜማ ያወጣ ነበር ይባላል። እንደ ሌላው የላሆር ዜማ ደራሲ እንደ ባባ ቺሽቲ ለመቶ ከዚያም በላይ ፊልም አልሠራም። ጥቂት ሠራ፤ ግን መሠረቱ ራጋ (የሕንድና የፓኪስታን ጥንታዊ የዜማ ስልት) ስለሆነ ዜማው ቶሎ አይሰለችም።

በኡርዱ ቋንቋ ከተሠሩት ፊልሞቹ «ኢንተዛር» (1956) እና «ኮየል» (1959) አሉልህ። ሁለቱም ላይ ኑር ጀሃን ትተውናለች፣ ትዘፍናለችም። ለእኔ ግን ቁንጮው በ1970 የወጣው የፑንጃቢው «ሂር ራንጃ» ነው። ታሪኩ የጥንት የፍቅር ተረት ነው፤ ራንጃ ዋሽንት የሚነፋ እረኛ ነው። ኑር ጀሃን ስለዚያ ዋሽንት የዘፈነችውን ፈልግና ማታ፣ ቤቱ ጸጥ ሲል ስማው። ግጥሙ ባይገባህም ግድ የለም፤ መጀመሪያ ዋሽንቱን ብቻ ተከተል፣ ሁለተኛ ስትሰማው ድምፅዋን።

ሰውየው በ1984 አረፈ። ከሰማኸው በኋላ የትኛው እንደያዘህ እዚሁ ጻፍልኝ፣ ቀጣዩን እጠቁምሃለሁ።