ሆቴልና አስጎብኚ ሥራን በክላውድ ሶፍትዌር መምራት፦ የወሎ ጥያቄዎች

ለሆቴሎችና ለአስጎብኚዎች በኢንተርኔት የሚሠራ (ክላውድ) የክፍል ማስያዣ ሶፍትዌር እገጥማለሁ፣ አሠለጥናለሁም። የገና እንግዳ ሳይመጣ የሚያሳስባችሁን ጠይቁኝ።

ከላሊበላ፦ አምና ለገና አንዱን ክፍል ለሁለት እንግዳ ሸጠን አፈርን። ሶፍትዌር ይህን ያስቀራል?

ያስቀራል፤ ግን ክፍል የሚሸጥ ሰው ሁሉ አንድ ሰሌዳ ላይ ሲሠራ ነው። በስልክ የተያዘው ደብተር ላይ፣ አስጎብኚው የላከው ቴሌግራም ላይ ከቀረ፣ የቱንም ያህል ውድ ቢሆን አያድናችሁም። ስትገዙ መጀመሪያ «ቻናል ማናጀር አለው ወይ?» ብላችሁ ጠይቁ። ክፍሉ ቡኪንግ በሚባለው የሆቴል ማስያዣ ድረ ገጽ ላይ ሲሸጥ፣ ኤክስፒዲያ በሚባለው ሌላው ላይ ወዲያው የሚዘጋው እሱ ነው። በአይካል (ቀን መቁጠሪያዎችን በሊንክ በሚያገናኝ ዘዴ) ብቻ የሚገናኘው ሶፍትዌር መረጃውን የሚያድሰው በየተወሰነ ጊዜ ስለሆነ፣ በመሃል ሰዓታት ሊያልፉ ይችላሉ። ለገና ሳምንት እሱን አልመክርም።

ከደሴ፣ አስጎብኚ ድርጅት፦ የጥምቀት ቀን በየጊዜው ያምታታናል።

ይህን ስለጠየቃችሁ ደስ ብሎኛል፤ ብዙ ገንዘብ የሚጠፋው እዚህ ላይ ነው። ሶፍትዌሮቹ የሚሠሩት በፈረንጅ አቆጣጠር ነው። ጳጉሜን 6 ቀን በሆነች ማግስት በሚገባው ዓመት ገና ታኅሣሥ 28 ስለሚከበር ከጃንዋሪ 7 አይነቃነቅም። ጥምቀት ግን ጥር 11ን አይለቅም፤ ስለዚህ በዚያ ዓመት ከጃንዋሪ 19 ወደ 20 ይሄዳል። በ2016 ዓ.ም. እንዲህ ነበር፤ በ2020 ዓ.ም.ም እንዲሁ ይሆናል። የአምናውን የዋጋ ሰሌዳ እንዳለ የገለበጠ ሰው የበዓሉን ዋጋ አንድ ቀን አስቀድሞ ይጀምርና በዋናው ቀን ያወርደዋል። የበዓል ዋጋ በየዓመቱ በእጅ ይግባ። ሰዓትም እንደዚሁ ነው፦ ሶፍትዌሩ 10 ሰዓት ጠዋት የሚለው የእኛ 4 ሰዓት ስለሆነ፣ ኤርፖርት ለሚሄደው ሹፌር በሁለቱም ጻፉለት።

ከኮምቦልቻ፦ መብራትና ኔትወርክ ሲጠፋስ?

አብሽሩ፣ መረጃው የሚቀመጠው በአቅራቢው ሰርቨር ስለሆነ መብራት ሲጠፋ አብሮ አይጠፋም፤ በስልክ ዳታም ይከፈታል። ቢሆንም ማታ ማታ ነገ የሚገቡትንና የሚወጡትን እንግዶች ዝርዝር አትማችሁ እንግዳ መቀበያው ላይ አኑሩ። ኔትወርክ ለሳምንታት ከተዘጋ የሚያሠራው ወረቀት ብቻ ነው። በጦርነቱ ጊዜ ኮምፒውተሩ ከነመዝገቡ የተዘረፈበትን ሆቴል ሳስብ ግን፣ መረጃ ከግቢ ውጭ መቀመጡን አጥብቄ እደግፋለሁ።

ከሐይቅ፦ አምስት ክፍል ብቻ ነው ያለኝ። ያስፈልገኛል?

በኢንተርኔት ካልሸጡ አሁን አያስፈልግዎትም፣ እትዬ። ጎግል ሺት (በኢንተርኔት የሚሞላ የሠንጠረዥ ገጽ) ይበቃዎታል።

የሚያወጣው ደረሰኝ ለግብር ይሆናል?

በራሱ አይሆንም። እሱ ለእንግዳው ሒሳብ ማሳያ ነው፤ የግብር ደረሰኝ ገቢዎች በፈቀደው መንገድ ይቆረጥ።

የፓስፖርት ኮፒስ እዚያው ላይ ይቀመጥ?

የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 ወጥቷል፤ የእንግዳ ፓስፖርት በሁሉም ሠራተኛ ስልክ ላይ መዞር የለበትም። ለእያንዳንዱ ሠራተኛ የራሱን መግቢያ ስጡ፤ ሥራ የለቀቀውን በዚያው ቀን ዝጉበት። አንድ የይለፍ ቃል ለሁሉም የሚሰጥ ሆቴል ሳይ በጣም እጨነቃለሁ።

ውል ከመፈረሜ በፊት ምን ልፈትሽ?

ክፍያው በዶላር ከሆነ ባንክዎ በየወሩ በካርድ እንደሚያስከፍልልዎ ያረጋግጡ። ከዚያ በነጻ ሙከራው ጊዜ ጥቂት እንግዶች በአማርኛ ስም ይመዝግቡና ዝርዝሩን በኤክሴል ያውርዱ። ፊደሉ ከተበላሸ ወይም ዝርዝሩ ጭራሽ ካልወረደ፣ ሌላ አቅራቢ ይፈልጉ።