ስም ከነሥሩ፦ ለአንባቢያን ጥያቄዎች መልስ

ጥያቄ፦ ለምትወለደው ልጃችን «ናኦሚ» የሚል ስም አስበናል። አንዱ የስም መዝገብ ዕብራይስጥ ነው ይላል፤ ሌላው ጃፓንኛ። የትኛውን እንመን?

መልስ፦ ሁለቱንም። በድምፅ የተገጣጠሙ እንጂ የማይዛመዱ ሁለት ስሞች ናቸው። የዕብራይስጡ በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ «ኑኃሚን» የተባለው ነው፤ ደስ መሰኘትን ያመለክታል። በመጽሐፈ ሩት ባለስሟ ሐዘን ሲደርስባት «ማራ» ማለትም መራራ ብላችሁ ጥሩኝ የምትለው ከስሟ ፍቺ ተቃራኒውን መርጣ ነው። የጃፓንኛው ግን በድምፁ ብቻ አይፈታም። አንዱ ቤተሰብ «ቀጥተኛ» እና «ውበት» በሚሉ ሁለት የቻይና ፊደላት ይጽፈዋል፤ ሌላው በሌሎች። ፊደሉ ሲለወጥ ትርጉሙም ይለወጣል። ስለዚህ የጃፓን ስም ሲያጋጥማችሁ መጀመሪያ አጻጻፉን ጠይቁ።

ሌላ ስም ብትመርጡም በምንጩ ቋንቋ እንዴት እንደሚጻፍ ፈልጉ፤ ከዚያ በክፍል በክፍል ለዩት። በዕብራይስጥ ስሞች መጨረሻ የሚመጣው «ኤል» አምላክ ማለት ነው። ሚካኤል ጥያቄ ነው፦ «እንደ አምላክ ያለ ማን ነው?» ዳንኤል ደግሞ «ዳኛዬ አምላክ ነው»። እነዚህ ሙሉ ሐሳብ ይሰጣሉ። የጥንት ጀርመናዊ ስሞች ግን ከሁለት ቃላት ቢሠሩም ሁልጊዜ ሐሳብ አይሰጡም። ሮበርት «ዝና» እና «ብሩህ» ነው፤ ይህስ ያስኬዳል። ሂልደጉንድ ግን ሁለቱም ክፍሏ ጦርነት ነው፤ ፍሬደጉንድ ደግሞ ሰላምና ጦርነት! አንዱ ክፍል ከዘመድ ስም ተወስዶ ከሌላው ጋር ይጣመር ስለነበር ትርጉሙ መግጠሙን ማንም አይጠብቅም ነበር። እንዲህ ያለውን ስም «ለሰላም የምትዋጋ ጀግና» ብሎ የሚፈታ መዝገብ ከራሱ እየጨመረ ነው።

መዝገቡን ለመፈተን «ማርያም» የሚለውን አውጥታችሁ እዩ። ሊቃውንት በፍቺው አልተስማሙም፤ «መራራ» የሚሉ አሉ፣ ከግብፅኛ አምጥተው «የተወደደች» የሚሉም አሉ። አንዱን ብቻ እንደ እርግጠኛ ካስቀመጠ ሌላውንም ገጽ በጥርጣሬ አንብቡት።

ጥያቄ፦ ዮሐንስ፣ ጆን፣ ኢቫንና ሾን አንድ ስም ናቸው ሲባል እሰማለሁ። ድምፃቸው እንዲህ ተራርቆ እንዴት አንድ ሊሆኑ ቻሉ?

መልስ፦ መነሻው የዕብራይስጡ ዮሐናን ነው፤ «እግዚአብሔር ጸጋ ሰጠ» ማለት ነው። ግሪኮች ስሙን ሲወስዱ «ሐ» በፊደላቸው ስለሌለች ጣሏት፤ በመጨረሻው ላይ ደግሞ የወንድ ስም የሚዘጉበትን «ስ» ጨመሩ። የግእዙ ዮሐንስ የሁለቱንም አሻራ ይዟል፦ «ሐ» የሴማዊው ወገን ናት፣ «ስ» የግሪኩ። ከላቲን ወዲህ የመጀመሪያው «ዮ» በየአገሩ ተለወጠ፤ እንግሊዝ ጆን፣ ፈረንሳይ ዣን፣ ስፔን ኹዋን አለ። ሾን አየርላንዶች ከኖርማን ፈረንሳይኛ የወሰዱት ነው። በዐረብኛ ቁርኣን ያሕያ ሲል ክርስቲያኖቹ ዩሐና ይላሉ። ከዚህ የባሰ የሚያሳስተው ጄምስ ነው፤ ያዕቆብ ነው ቢሉት የሚያምን ጥቂት ነው። በኋለኛው ላቲን ያኮቡስ «ያኮሙስ» ሲባል «ብ» ወደ «ም» ዞረችና ጄምስ ከዚያ መጣ። ሳንቲያጎም «ቅዱስ ያዕቆብ» ነው።

ጥያቄ፦ በሥራዬ የብዙ አገር ሰዎችን ስም እመዘግባለሁ። መጨረሻ ላይ ያለውን የቤተሰብ ስም ብዬ ብይዘው ያስኬዳል?

መልስ፦ አያስኬድም። ቻይናውያን፣ ኮሪያውያን፣ ቬትናሞችና ሃንጋሪዎች የቤተሰብ ስም ያስቀድማሉ፤ በማኦ ዜዱንግ ስም ውስጥ ቤተሰቡ ማኦ ነው። አስቸጋሪው ግን የውጭ አገር ሰነድ ላይ አንዳንዶቹ ራሳቸው ገልብጠው መጻፋቸው ነው፤ ስለዚህ ቅደም ተከተሉን ከመገመት ባለቤቱን መጠየቅ ይሻላል። በስፔንኛ ተናጋሪዎች ልማድ ሁለት የቤተሰብ ስም አለ፤ የአባት ይቀድማል፣ የእናት ይከተላል። ጋብሪኤል ጋርሲያ ማርኬዝን «ማርኬዝ» ብሎ መመዝገብ በእናቱ ወገን ብቻ መጥራት ነው። የፖርቱጋልኛው ብዙውን ጊዜ ተቃራኒው ነው።

አይስላንድ ውስጥ ከጥቂቶች በቀር የቤተሰብ ስም የለም። በ1980 በአውሮፓ አቆጣጠር ፕሬዚዳንት ሆነው የተመረጡት ቪግዲስ ፊንቦጋዶቲር «የፊንቦጊ ልጅ» ናቸው፤ የስልክ ማውጫውም በመጠሪያ ስም ይደረደራል። በርማዎችም የቤተሰብ ስም የላቸውም። የተባበሩት መንግሥታት ዋና ጸሐፊ የነበሩት ኡ ታንት ስማቸው ታንት ብቻ ነው፤ «ኡ» እንደ «አቶ» ያለ የአክብሮት መጠሪያ ነው። በመጠሪያ ስም ሳጥን ውስጥ «ኡ» የጻፈ ሰው «አቶ» ብሎ መዝግቧል ማለት ነው።

የዐረብኛ ስም ላይ ደግሞ «አብዱል» የሚለውን ለብቻው አትቁረጡ። «አብድ» አገልጋይ ነው፣ «ኡል» እንደ እንግሊዝኛው «ዘ» (the) ያለ አመልካች ነው፤ ተከታዩ የአምላክ ስም ሲቀር ንግግሩ ተንጠልጥሎ ይቀራል። አብዱልረሕማን አንድ ስም ነው።

ቅጹ የግድ ሁለት ሳጥን ካለውና ሰውየው አንድ ስም ብቻ ካለው (እንደ ኢንዶኔዥያው ሱካርኖ) ስሙን ደግመው አይጻፉ፤ የፈጠራ ስምም አይጨምሩ። በፓስፖርቱ ላይ ያለውን እንዳለ ይገልብጡ፤ «እንዴት ይጠሩ?» የሚል ሌላ ዐምድ ይክፈቱ።

ጥያቄ፦ የተወለዱበትን ቀን የሚናገር ስም አለ?

መልስ፦ አለ። በጋና በአካን ሕዝብ ዘንድ ዓርብ የተወለደ ወንድ ኮፊ፣ ቅዳሜ የተወለደ ክዋሜ ይባላል፤ ኮፊ አናንና ክዋሜ ንክሩማህ ከዚህ ናቸው። ባሊዎች ደግሞ በቀን ፈንታ ተራን ይቆጥራሉ፦ ዋያን፣ ማዴ፣ ኞማን፣ ኬቱት፤ አምስተኛው ሲወለድ እንደገና ዋያን። ዮሩባዎች ለመንታ የሚሰጡት ስም ግን ቆጠራውን ያገላብጣል። መጀመሪያ የወጣው ታይዎ ነው፤ ሁለተኛው ኬሂንዴ ግን ታላቅ ይባላል፤ ዓለምን ቀምሶ እንዲያይ ታይዎን የላከው እሱ ነው ተብሎ ስለሚታመን።