ባትሪው ሞቷል ወይስ ወርዷል?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ። የምኖረው አሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ ሲሆን የምተዳደረውም በቶዮታ ካምሪ መኪናዬ ሰው እያመላለስኩ ነው። ባለፈው ኅዳር አንድ ማለዳ መኪናዬ አልነሳም ብላ በጎረቤቴ ኬብል ካስነሳኋት በኋላ በቀጥታ ወደ አንድ ትልቅ መደብር የመኪና አገልግሎት ክፍል ወሰድኳት። ሠራተኛው መመርመሪያውን አገናኝቶ «ባትሪው ሞቷል» አለኝ፤ እኔም ሳላመነታ አዲስ ገዛሁ፤ ለመግጠሚያ ግን ምንም አልተጠየቅሁም። በጥር ወር ያው ችግር ተደገመ። ወደዚያው መደብር ብመለስ ለሁለት ሰዓት ያህል ቻርጅ አድርገው «ባትሪው ደህና ነው» በማለት መለሱልኝ፤ በሳምንቱ እንደገና አልነሳም አለች። ለሦስተኛ ጊዜ ስሄድ ሌላ ሠራተኛ ደረሰኝ ጠየቀኝ፤ ደረሰኙ እንደጠፋብኝ ስነግረው «እንግዲያው ሌላ መግዛት ነው ያለብህ» አለኝ። ያልሠራሁበት ቀን ሁሉ ከቤት ኪራዬ ላይ የሚቀነስ ነው። ተታልያለሁ ወይስ ችግሩ ከመኪናዬ ነው?

አንባቢ፣ ከአሌክሳንድሪያ

መልስ፦ ውድ አንባቢያችን፣ ሆን ብሎ ያታለለዎት ሰው ያለ አይመስለንም፤ ነገር ግን መጀመሪያ ሊጠየቅ የሚገባው ጥያቄ ሳይጠየቅ ባትሪ ተሸጦልዎታል። «ሞተ» የሚለው ቃል በእኛም ሆነ በመደብሩ ሠራተኞች አፍ ሁለት የተለያዩ ነገሮችን ይሸፍናል። የወረደ ባትሪ ጉልበቱ ያለቀበት፣ በደንብ ቻርጅ ቢደረግ ግን ሥራውን የሚቀጥል ነው። የሞተ ባትሪ ግን ውስጡ ስለተበላሸ ቢሞላም አይይዝም። ሁለቱም ጠዋት ላይ ቁልፍ ሲዞር የሚያሰሙት ድምፅ አንድ ዓይነት ነው፤ መድኃኒታቸው ግን ፈጽሞ አይገናኝም።

የመኪና ባትሪ እያንዳንዳቸው 2.1 ቮልት ያህል የሚሰጡ 6 ክፍሎች አሉት፤ ስለዚህ ሙሉ የሆነና ለጥቂት ሰዓታት ያረፈ ባትሪ ሲለካ 12.6 ቮልት ገደማ ያሳያል። 12.4 ከሆነ ሦስት አራተኛ ያህል፣ 12.2 ከሆነ ግማሽ ያህል ቀርቶታል ማለት ነው፤ ከ12 በታች ከሆነ ወርዷል። ይህ ቁጥር ግን ባትሪው ምን ያህል እንደሞላ እንጂ ጤነኛ መሆኑን አይናገርም። ጤንነቱ የሚታወቀው መጀመሪያ ሙሉ በሙሉ ቻርጅ ተደርጎ ከዚያ በኋላ የኤሌክትሪክ ጭነት ሲጫንበት፣ ማለትም ብዙ ጉልበት በአንዴ እንዲሰጥ ሲደረግ ነው። የቆየው የጋራዥ ልማድ በባትሪው ላይ ከተጻፈው የብርድ ማስነሻ አምፔር (ባትሪው በብርድ ሞተር ለማስነሣት የሚሰጠው ጉልበት) ግማሹን ለ15 ሰከንድ መጫን ሲሆን፣ በዚህ ጊዜ ቮልቱ ከ9.6 በታች ከወረደ ባትሪው ደክሟል ይባላል። በመደብሮች የሚታየው በእጅ የሚያዝ ትንሽ መመርመሪያ ይህን ሁሉ ሳያደርግ የባትሪውን ውስጣዊ ሁኔታ በመለካት የሚገምት ነው፤ በወረደ ባትሪ ላይ ሲሞከር ብዙ ጊዜ «ቻርጅ ተደርጎ እንደገና ይመርመር» የሚል ምላሽ ይሰጣል። እርስዎ በኅዳር የሄዱት ከጎረቤትዎ ኬብል በተነሣ፣ ገና ባልሞላ ባትሪ ነበር። አሮጌው ባትሪ በእርግጥ አርጅቶ ሊሆን ይችላል፤ ዕድሜውን አልነገሩንም፤ ሆኖም ፍርዱ የተሰጠው ከጊዜው በፊት ነው።

አዲሱ ባትሪ በሁለት ወር ውስጥ ሁለት ጊዜ ወርዶ በመካከሉ ቻርጅ መቀበሉ ጥርጣሬውን ከባትሪው ወደ መኪናው ያዞረዋል። በመጀመሪያ ወጪ የማይጠይቀውን ይመልከቱ፤ ሞተሩ ጠፍቶ ሳለ ኮፈኑን ይክፈቱና በባትሪው ራስ ላይ የታሰሩትን ሁለት ማያያዣዎች በእጅዎ ለማዞር ይሞክሩ። ከተንቀሳቀሱ ላልተዋል። ዙሪያውን ነጭ ወይም ሰማያዊ ዱቄት የመሰለ ነገር ከያዘው ደግሞ ኤሌክትሪኩ በደንብ አያልፍም፤ ይህም በውኃ በተበጠበጠ ቤኪንግ ሶዳና በብሩሽ ይጸዳል፤ ሲፈታ ኔጌቲቩ (የመቀነስ ምልክት ያለበት) አስቀድሞ፣ ሲታሰር ደግሞ ኔጌቲቩ መጨረሻ መሆን አለበት። በነፃ የሚገጥም ሠራተኛ ከኋላው አምስት መኪና ተሰልፎ እየጠበቀው ይህን ማጽዳት ሲዘል በተደጋጋሚ አይተናል።

ቀጥሎ ዲናሞው ነው። ሞተሩ እየሠራ በባትሪው ላይ የሚለካው ቮልት በአብዛኛው መኪና ከ13.7 እስከ 14.7 መሆን ይገባዋል፤ ከ13 በታች ከሆነ ዲናሞው ባትሪውን እየሞላው አይደለም፤ የቱንም ያህል አዲስ ባትሪ ቢገዙ አይረዳዎትም።

ከሁሉ በላይ የጠረጠርነው ግን ሦስተኛውን ነው። ሰው የሚያመላልሱ ብዙ ወገኖቻችን መኪናቸው ላይ ካሜራ ያስገጥማሉ፤ መኪናው ቆሞም እንዲቀርጽ ሲባል በቀጥታ ከባትሪው ጋር የተያያዘ ካሜራ ሌሊቱን ሙሉ ይጠጣል። ጤነኛ መኪና ተቆልፎ ሲያርፍ የሚወስደው ከ0.05 አምፔር አይበልጥም። ካሜራው 0.3 አምፔር ቢወስድና መኪናው ከዓርብ ማታ እስከ ሰኞ ማታ ሳይነሣ ቢቆም፣ በ72 ሰዓት ውስጥ ወደ 22 አምፔር ሰዓት ያልቃል ማለት ነው፤ ባትሪው 60 አምፔር ሰዓት የሚይዝ ከሆነ ከሲሶው በላይ ሄዷል። በዚያ ላይ የጥር ብርድ ሲጨመር፣ ብርድ ራሱ የባትሪን ጉልበት ስለሚቀንስና የሞተሩንም ዘይት ስለሚያወፍር፣ ሞተሩን የሚያስነሣው ሞተሪኖ የሚፈልገውን ያጣል።

ይህ የግምት ነገር ብቻ አይደለም። ይህን ዓምድ የሚጽፈው መካኒክ በአንድ ወቅት ሦስት ጊዜ ባትሪ የተቀየረላት የአንዲት እናት መኪና ደርሳው ነበር። በየመደብሩ የተለካው ሁሉ ባትሪውና ዲናሞው ደህና መሆናቸውን ያሳይ ነበር። በመጨረሻ ስልኩን ቪዲዮ እየቀረጸ በዕቃ መጫኛው ውስጥ አስቀምጦ ክዳኑን ዘጋና ከአንድ ደቂቃ በኋላ ከፍቶ ቪዲዮውን ሲያየው፣ ክዳኑ ተዘግቶም ውስጡ ያለችው ትንሽ አምፖል ቦግ ብላ ትበራ ነበር። የክዳኑ ማብሪያ ማጥፊያ ተጣብቆ ነበር። ከሦስቱ ባትሪዎች አንዱም ጥፋተኛ አልነበረም።

ስለዚህ እርስዎም ካሜራ አስገጥመው ከሆነ ለአንድ ሳምንት ሙሉ በሙሉ ነቅለው ይሞክሩ። ይህ ካልፈታው አውቶዞን፣ አድቫንስ አውቶ ፓርትስና ኦራይሊ የመሳሰሉት የመለዋወጫ መደብሮች ባትሪን፣ ዲናሞንና ሞተሪኖን በነፃ ይመረምራሉ፤ ሁለተኛ አስተያየት ከሌላ ቦታ መስማት ምንም አያስከፍልዎትም። የሚሰጥዎትን ውጤት በቃል ሳይሆን ታትሞ እንዲሰጥዎት ይጠይቁ።

አሁን ወደ ዋስትናው እንምጣ። ባትሪ በወረደ ቁጥር በውስጡ ባሉት የእርሳስ ሰሌዳዎች ላይ የሚፈጠረው ሰልፌት የሚባል ሽፋን፣ ባትሪው ቶሎ ካልተሞላ እየጠነከረ ይሄዳል፤ ከጠነከረ በኋላ በቻርጅ አይመለስም። በመሆኑም አዲሱ ባትሪዎ በኅዳር ጤነኛ የነበረ ቢሆንም አሁን በእርግጥ ተጎድቶ ሊሆን ይችላል። ሙሉ ቻርጅ ተደርጎ ምርመራውን ከወደቀና የዋስትናው ጊዜ ካላለፈ እንዲቀየርልዎት መጠየቅ መብትዎ ነው። ደረሰኝ ጠፋ ማለት ግዢው ጠፋ ማለት አይደለም፤ የከፈሉት በካርድ ከሆነ ካርዱን ወይም የባንክ መግለጫውን ይዘው ይሂዱና ግዢውን ከኮምፒዩተራቸው እንዲፈልጉልዎት ይጠይቁ፤ በባትሪው ላይ የተለጠፈውንም ቀን ፎቶ ያንሡ። ከ1975 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ በሥራ ላይ ባለው የማግነሰን ሞስ የዋስትና ሕግና እሱን ተከትሎ በወጣው የፌዴራል ንግድ ኮሚሽን ደንብ መሠረት፣ ዋጋው ከ15 ዶላር በላይ የሆነ ዕቃ የተጻፈ ዋስትና ካለው ገዢው ከመግዛቱ በፊት ሊያነበው እንዲችል መቅረብ አለበት። ስለዚህ «የተጻፈውን ዋስትና አሳዩኝ» ማለት ልመና አይደለም። ሲያነቡ ስለ ደረሰኝ የሚለውን ይፈልጉ፤ እንዲሁም በነፃ የሚቀየርበት ጊዜ ስንት ወር እንደሆነና የሚተካልዎት ባትሪ ዋስትና ከመጀመሪያው ግዢ ቀን የሚቆጠር መሆን አለመሆኑን ይመልከቱ፤ ብዙ ጊዜ ከመጀመሪያው ቀን ነው። ይህን ሁሉ አድርገው በቂ ምክንያት ሳይሰጡ ቢመልሱዎት፣ በቨርጂኒያ ጠቅላይ ዐቃቤ ሕግ ቢሮ ሥር ያለው የሸማቾች ጥበቃ ክፍል አቤቱታ ይቀበላል። ነገር ግን እባክዎ ካሜራውን ሳይመረምሩ ሦስተኛ ባትሪ አያስገጥሙ።

ጥያቄ፦ እኔ የሲልቨር ስፕሪንግ ነዋሪ ነኝ። ባለፈው ወር በአንድ ትልቅ መደብር ባትሪ ሳስቀይር በመደርደሪያው ላይ ከተጻፈው ዋጋ በላይ «የአሮጌው መያዣ» የሚል ተጨማሪ ክፍያ ተጻፈብኝ። በማግሥቱ ደግሞ የሜሪላንድ የጭስ ምርመራ ቀጠሮዬ ስለነበረ ብሄድ «መኪናው ገና ዝግጁ አይደለም» ብለው መለሱኝ። መኪናዬን አበላሽተውብኝ ይሆን?

መልስ፦ እመቤቴ፣ መኪናዎ አልተበላሸም። ባትሪ ሲነቀል የሞተሩ ኮምፒዩተር ስለ ጭሱ መቆጣጠሪያ ያጠራቀመውን የራስ ምርመራ መዝገብ ይጥላል፤ መርማሪዎቹ ደግሞ በኬብል የሚያነቡት ይህንኑ መዝገብ ነው። መዝገቡ የሚሞላው በመንዳት ብቻ ነው፤ ሌሊቱን ሙሉ ቆሞ ከቀዘቀዘ ሞተር ተነሥቶ፣ በከተማም በፈጣን መንገድም፣ ለጥቂት ቀናት እንደወትሮው ይንዱት። ቀነ ገደቡ ከመድረሱ በፊት ይመለሱ። ሌሎች አንባቢዎቻችንም የምርመራ ቀጠሯቸው ከቀረበ ባትሪ የሚያስቀይሩት ቢያንስ ከሳምንት በፊት ወይም ከምርመራው በኋላ ቢሆን ይሻላል፤ ይህን በመደብሩ ጠረጴዛ ላይ የሚነግር ሰው እምብዛም አያጋጥምም፣ ሊነገር ግን ይገባው ነበር። የመኪናዎ መስኮት በአንድ ንክኪ መውጣት ቢያቆም ወይም ሬዲዮው ቁጥር ቢጠይቅዎት ምክንያቱ ይኸው ነው፤ የመኪናው መመሪያ መጽሐፍ እንዴት እንደሚመለስ ያሳያል።

ተጨማሪው ክፍያ አሮጌው ባትሪ ሲመለስ የሚመለስ መያዣ ነው። በባትሪ ውስጥ ያለው እርሳስ መርዛማ በመሆኑ ወደ ቆሻሻ መጣል አይፈቀድም፤ እርሳሱ ተመልሶ ቀልጦ ለአዲስ ባትሪ ስለሚሠራ ደግሞ ዋጋ አለው። ባትሪውን እዚያው ካስቀየሩ አሮጌው በእጃቸው ቀርቷል፤ ስለዚህ መያዣው በደረሰኙ ላይ ወዲያውኑ መቀነስ ነበረበት። ደረሰኙን ይመልከቱ፤ ተጨምሮ ካልተቀነሰ ይዘውት ይሂዱና ገንዘብዎን ይጠይቁ።

ጥያቄ፦ በላስ ቬጋስ ባትሪ ከሁለት ዓመት በላይ አይቆይልኝም። በዚያ ላይ የመኪናዬ ሞተር በትራፊክ መብራት ላይ ራሱን የሚያጠፋ ስለሆነ፣ መደብሩ ርካሹን ባትሪ አልገጥምም ብሎ እጥፍ የሚጠጋ ዋጋ ያለውን አቀረበልኝ። ልክ ነው?

መልስ፦ በዚህኛው ሠራተኛው ልክ ነው። እንዲህ ያለ መኪና በቀን ብዙ ጊዜ ስለሚነሣ አብዛኛውን ጊዜ ኤጂኤም የሚባለውን፣ አሲዱ በመስታወት ጭረት ምንጣፍ የተያዘበትን ባትሪ ይፈልጋል፤ ተራው ባትሪ ቢገጠምለት በአጭር ጊዜ ይደክማል። መኪናዎ ቢኤምደብሊው ከሆነ ደግሞ አዲሱ ባትሪ በኮምፒዩተሩ መመዝገብ ስላለበት፣ መደብሩ ይህን እንደሚያደርግ ሳያረጋግጡ አይክፈሉ።

ዕድሜውን የሚያሳጥረው ሙቀቱ ነው። ባትሪ አልነሳም ብሎ የሚያሳፍረን በብርድ ቢሆንም የሚገድለው ግን ሙቀት ነው፤ ውስጡ ያሉትን ሰሌዳዎች ያዝጋቸዋል፣ ውኃውንም ያተናል። በኔቫዳ በረሃ ሁለት ዓመት የተለመደ ስለሆነ በመደብሩ አይቀየሙ፤ በጥላ ሥር ማቆም ግን ይጠቅማል። የብርድ ማስነሻ አምፔሩ ከፍ ያለ ነው ተብሎ ለሚቀርብልዎት ተጨማሪ ዋጋ አይክፈሉ፤ ያ ቁጥር የሚለካው ከዜሮ በታች 18 ዲግሪ ሴልሺየስ ብርድ ላይ ሲሆን፣ የመኪናዎ መመሪያ ከሚጠይቀው በላይ መሆኑ ላስ ቬጋስ ውስጥ አይፈይድልዎትም። የስሙም ነገር ያን ያህል አያስጨንቅዎት፤ በአሜሪካ መደብሮች በየስሙ የሚሸጡት ባትሪዎች አብዛኞቹ ክላሪዮስና ኢስት ፔንን ከመሰሉ ጥቂት ፋብሪካዎች የሚወጡ ናቸው።

ይልቅ የተሠራበትን ቀን ይመልከቱ። በብዙ ባትሪዎች ላይ በላስቲክ ተለጥፎ ወይም ታትሞ አንድ ፊደልና አንድ ቁጥር ይገኛል፤ ፊደሉ ወሩን ሲያሳይ ኤ ጃንዋሪ፣ ቢ ፌብሩዋሪ እያለ ይቀጥላል፤ ቁጥሩ የዓመቱ የመጨረሻ አኃዝ ነው። ሲ5 ማለት ማርች 2025 ማለት ነው። ባትሪ መደርደሪያ ላይ ተቀምጦም ቀስ በቀስ ይወርዳል፤ ከ6 ወር በላይ የቆየ ከሰጡዎት ሠራተኛው ከኋላ ካለው ክምር አዲሱን እንዲያመጣልዎት ይጠይቁት።